ደክሞሽ ከሆነ ውደቂ

ተረኛ ተራዋን መጠበቅ የጀመረችው የወተት ጥርሶቿ ተነቅለው ሳያልቁ ነው። አሁን አንድ መንጋጋዋ ታሞ ተነቅሎ በምትኩ ሰው ሠራሽ ገብቶላታል፤ ተራዋ ግን ገና አልደረሰም። ስትወለድ የወጣላት ስም ሌላ ነበር። በእሱ የምትጠራት እናቷ ብቻ ናት፤ እሷም ስትቆጣ ነው።

ነገሩ የተጀመረው በሰፈራቸው ውስጥ፣ መኪና በማይገባበት አንድ ጥግ ላይ ነው። መሬቱ ሲሚንቶ ስለነበር ኳስ በደንብ ይነጥርበታል። የሰፈሩ ሴቶች ልጆች ከትምህርት ቤት ሲመለሱ ቦርሳቸውን ግድግዳ ሥር ጥለው እዚያ ይሰለፋሉ። አንዷ ታነጥራለች፤ ከእሷ ቀጥላ የተሰለፈችው ደግሞ ግጥሙን ታወርድላታለች፦

ኳሴ ኳሴ ንጠሪ፣
ከመሬት ጋር ተማከሪ፣
ራሴን ልንካ ቆዪኝ፣
ዞሬ ልምጣ ጠብቂኝ፣
ከእግሬ በታች እለፊ፣
ሳትስቂ ሳትለፈልፊ፣
ደክሞሽ ከሆነ ውደቂ፣
ካልደከመሽ ግን ዝለቂ።

አንጣሪዋ ራሴን ሲባል ራሷን ነክታ፣ ዞሬ ሲባል ዞራ፣ ከእግሬ በታች ሲባል እግሯን አንስታ ኳሷን ታሳልፋለች። ግጥሙ ሲያልቅ እንደገና ከመጀመሪያው ነው፤ ኳሷ እስክታመልጣት ድረስ። ስታመልጣት ተራው የአውራጇ ይሆናል። ሕጉ ብዙ አልነበረም፤ ግን ጥብቅ ነበር። ኳሷን ሆን ብላ የጣለች ጨዋታውን አፈረሰች፣ ተራውም ለማንም ሳይሆን ቀረ። አንጣሪ አውራጅን አታዝም። እናት ከተጣራች ወይም ከመሸ አንጣሪዋ ኳሷን ብብቷ ውስጥ ወሽቃ «ከዚሁ!» ትላለች፤ አውራጇም «ከዚሁ!» ብላ ትመልስላታለች። በማግስቱ ከዚያው ካቆሙበት ስንኝ ይቀጥላሉ። በማግስቱ ካልቀጠሉ ግን አለቀ፤ ጨዋታው ፈርሷል፣ የተጠበቀው ተራም ውሃ በልቶታል።

አንድ ቀን ከሰዓት በኋላ ተራው የቀጮ ሆነ። ቀጮ የጎረቤት ልጅ ናት። ያኔ ከመጥረጊያ እንጨት ትቀጥን ስለነበር ነው ቀጮ የተባለችው፤ በኋላ ወፍራ በር ሙሉ ስትሆን ስሙን የሚቀይርላት አልተገኘም። ተረኛ ከኋላዋ ቆማ ማውረድ ጀመረች። ድምፅዋ ጥርት ያለ ነበር። ሌሎቹ ልጆች ወደ መጨረሻው ሲደርሱ ትንፋሽ ያጥራቸዋል፤ እሷ ግን የመጨረሻዎቹን ሁለት ስንኞች በአንድ ትንፋሽ ነበር የምታወርዳቸው። ይኼ ኩራቷ ነበር።

ቀጮም አልሳተችም።

ያን ቀን አልሳተችም። በማግስቱም አልሳተችም። ከኋላ የተሰለፉት ልጆች መጀመሪያ ተቀመጡ፤ ከዚያ አኮረፉ፤ ከዚያ አንዷ ሰፈር ቀየረች፣ ሌላዋ ስለ ኳስ ማሰብ ተወች፣ የመጨረሻዋ አገባች። ቀጮና ተረኛ ብቻ ቀሩ። በትምህርት ቤት ከኋላ ወንበር ተቀመጡ፤ አስተማሪው ኳስ ሲነጥር እየሰማ ማስተማር ለመደ፣ ትምህርት ሲዘጋም ቤቱ ቁጭ ብሎ በጣቱ ጠረጴዛ ሲመታ ይውል ነበር አሉ። ቀጮን ጉንፋን ሲይዛት ተረኛ አልጋዋ ድረስ ሄዳ ታወርድላታለች። ቀጮም ተኝታ ክንዷን አውጥታ ወለሉ ላይ ታነጥራለች፤ «ዞሬ ልምጣ» ሲባል በብርድ ልብሷ እንደተጠቀለለች ትገላበጣለች።

«ልጅሽ ምን እያደረገች ነው?» ብለው ሰዎች የተረኛን እናት ሲጠይቋት «እየጠበቀች ነው» ትላለች። እነሱም ሥራ ወይም ባል መስሏቸው «ይሳካላት» ብለው ያልፋሉ።

ሥራ ሲፈልጉ አብረው ነው የፈለጉት፤ መለያየት አይችሉማ። ብዙ ቦታ ከበር ተመለሱ። በመጨረሻ አንድ ላውንደሪ ገቡ። ባለቤቱ ደረቱ እንደ አሮጌ በር የሚንቋቋ፣ ሁለት ቃል ተናግሮ አንዴ የሚያርፍ ትልቅ ሰውዬ ነበር። ቀጮ እያነጠረች ፊቱ ቆመች፤ ተረኛ በስንኝና በስንኝ መሀል መልስ እየሰነቀረች አጠገቧ።

«ይቺ ኳስ … ሁልጊዜ አለች?» ሲል ጠየቀ።

«አዎ ጋሼ፣ ግን በቀኝ እጄ ብቻ ነው» አለች ቀጮ። «ካውያ የምይዘው በግራዬ ነው።»

«አንቺስ?»

«የእኔ ሁለቱም እጄ ነፃ ነው ጋሼ፤ ከእግሬ በታች እለፊ» አለች ተረኛ። «ሥራ የያዘው አፌ ብቻ ነው።»

ባለቤቱ ኳሷ ስትወርድና ስትወጣ አብሮ ራሱን እየነቀነቀ ለረጅም ጊዜ አያት። «ከኋላችሁ ሰው አለ?» አለ።

«የት ኋላ ጋሼ?»

«ምንም … ነገ ጀምሩ።»

እንዲህ ሆኖ ቀጮ ተኳሽ፣ ተረኛ ደግሞ ቁልፍ ተካይና አጣፊ ሆኑ። ቀጮ ኮሌታውን ከጫፍ ወደ መሀል ትተኩሳለች፤ እንፋሎቱ ፊቷን ይሸፍነዋል፤ ከእንፋሎቱ ሥር ኳሷ ጧ ጧ ትላለች። በዓመታቱ ውስጥ ኳሷ ቀለሟን ጨርሳ የድንች መልክ ይዛለች። ደንበኞችም ለምደዋል። ከመንገዱ ማዶ ያለው ዳቦ ጋጋሪ እንኳ ሊጡን የሚያሸው በእነሱ ምት ነው ይባላል።

ባለቤቱ ግን እጁ አንድ ነገር አይጨብጥም። ሳሙና ውሃ የያዘ ባልዲ ተሸክሞ ሲያልፍ ሁልጊዜ የሚደፋው ቀጮ እግር ሥር ነው። የማንጠልጠያ ክምር ድንገት የሚወድቅበት ከቀጮ ጀርባ ነው። አንዳንዴም ጆሮዋ ሥር መጥቶ «ቀጮ!» ብሎ ይጮህና፣ ስትዞርለት «ረሳሁት … ምን ልልሽ ነበር» ይላል። ቀጮ በሳሙናው ላይ ተንሸራታ እያነጠረች ትነሳለች፤ ተረኛም ሳታዛንፍ ታወርድላታለች። ባለቤቱ ቆይቶ እያዘነ ወለሉን ይወለውላል።

«ጋሼ ዛሬስ እጅህ ምን ነካው?» ትለዋለች ተረኛ።

«እርጅና ነው … ልጄ።»

ሰዓት ሠሪው ወደ ላውንደሪው የመጣው ነጭ ጋውኑን ሊያስተኩስ ነበር። በር ላይ ቆሞ አዳመጠ፤ የእጅ ሰዓቱን አየ፤ ጆሮው ላይ አድርጎ ነቀነቀው፤ ከዚያም ሰዓቱን በቀጮ ኳስ አስተካከለ። ከዚያ ወዲያ ጋውኑ በየቀኑ ይቆሽሽ ጀመር። አንድ ቀን «ዞሬ ልምጣ ጠብቂኝ» ላይ ሲደርሱ «ታገቢኛለሽ?» አላት። ቀጮ ዞረች፤ ዞራ ስትመለስ «እሺ» አለችው፤ ተረኛም ያለ ፋታ «ከእግሬ በታች እለፊ» አለች።

የተረኛ መከራ የመጣው ከዚህ በኋላ ነው። ሰዓት ሠሪው ሩቅ ከተማ ሱቅ ተከራየ። ሠርጉ በዘመድ ፊት ብቻ ተደረገ፤ ቀጮ በሠርጓ ቀን ነጭ ጓንት ያጠለቀችው በግራ እጇ ብቻ ነበር። ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ በሚነሳው አውቶቡስ ባልና ሚስት ሊሄዱ ነው። እሑድ ማለዳ ቀጮ እዚያ፣ ተረኛ እዚህ ይሆናሉ። «ከዚሁ» ተብሎ ይታደራል፤ የሚቀጥል ግን አይኖርም። ያ ሁሉ ጥበቃ በአንድ ሌሊት እንዳልነበር ሊሆን ነው።

«ኳስ መግዛት አቅቶሽ ነው?» አለች እናቷ፣ ነገሩን ስትሰማ። «ገዝተሽ በቃሽ እስክትዪ አታነጥሪም?»

«ኳሷን አይደለም እማዬ። ተራውን ነው።»

«ተራውን ተራውን! ጸጉርሽ ላይ ሽበት አይቻለሁ እኮ።»

«ታዲያ እኮ ለዚያ ነው። አሁን ብተወው ይኼ ሁሉ ምን ነበር ሊባል ነው?»

እናቷ ሹራቧን መሥራት ቀጠለች። «አብረሻቸው ብትሄጂስ?» አለችና ራሷ ደነገጠች። «ውይ! የሰው ጫጉላ ላይ ቆመሽ ልታወርጂ ነው?»

ተረኛ ግን ሐሳቡን ይዛው ላውንደሪ ሄደች። ሰዓት ሠሪው ጨዋ ሰው ነውና ትንሽ አስቦ «ቤቱ አንድ ክፍል ነው፤ ግን መጋረጃ እንጋርዳለን» አላት። ቀጮ ኮሌታውን መተኮሷን ቀጠለች። ያበደው ባለቤቱ ነው።

«አንቺማ … የትም አትሄጂም!»

«ለምን ጋሼ? ቁልፍ የሚተክል ሰው ይጠፋል?»

«ቁልፍ!» አለ፤ ደረቱ ተንቋቋ። «ስለ ቁልፍ … ማን አወራ?» ባልዲውን አንስቶ ሄዶ ቀጮ እግር ሥር ደፋው።

ቅዳሜ ምሳ ሰዓት ደረሰ። ቀጮ ኳሷን ብብቷ ውስጥ ወሽቃ «ከዚሁ» አለች፤ ተረኛም «ከዚሁ» አለች። በጓሮ፣ አንሶላ በተሰጣበት ገመድ ሥር፣ በተገለበጡ ሣጥኖች ላይ ተቀምጠው ዳቦና የተቀቀለ እንቁላል አወጡ። ቀጮ እንቁላሉን በግራ እጇ ትልጥ ነበር። ቀኟ ጭኗ ላይ ተዘርግቶ ነበር፤ መዳፉ እንደ ተረከዝ ጠንክሮ ያብረቀርቃል።

«እኔ ምልሽ» አለች ቀጮ።

«ምን?»

«እኔ እኮ ደክሞኛል።»

«ዛሬ?»

«ዛሬ ትላለች! ከሰባተኛ ክፍል ጀምሮ ነው።»

ተረኛ ዳቦዋን ማኘክ አቆመች። «ታዲያ ለምን አትስቺም?»

«መች አሳሳትሽኝ!»

«እኔ? እኔ ምን አደረግኩ? ቆሜ ከማውረድ በቀር …»

«እሱን ነው የምልሽ። ሌሎቹ ልጆች 'ደክሞሽ ከሆነ ውደቂ' ይሉና አንዴ ይተነፍሳሉ። አስታወስሽ? ሁሉም የሚስተው እዚያች ትንፋሽ ላይ ነበር። ኳሷ እላይ ትቀርና እጅሽ የሚያደርገው ይጠፋዋል። አንቺ ግን አንድም ቀን ተንፍሰሽ አታውቂም። ውደቂ ትይኝና ገና ልወድቅ ስል ዝለቂ! እንዴት ብዬ ልውደቅ?»

አንሶላዎቹ በነፋሱ ተነስተው ወረዱ። ተረኛ ፊቷ ጋለ። በሕይወቷ ሙሉ ሲያመሰግኗት የኖሩት በዚያ በአንድ ትንፋሿ ነው። እንኳን ቀጮ፣ ደረቅ ደንበኞች ሳይቀሩ «ሳንባሽ ይባረክ» ይሏት ነበር።

«ለምን አልነገርሽኝም?» አለች ቀስ ብላ።

«አንጣሪ አውራጅን አታዝም።»

«ምሳ ላይስ? ምሳ ላይ ጨዋታ የለ!»

«ምሳ ላይ ልነግርሽ እልና አይሻለሁ፤ አንቺ ዳቦሽን እየበላሽ ራሱ ታንጎራጉሪዋለሽ። ደስ ብሎሽ። እንዴት ብዬ?» ቀጮ የእንቁላሉን ልጣጭ ሰብስባ ኪሷ ከተተች። «አሁንም አላዘዝኩሽም። ደክሞኛል ነው ያልኩት።»

ከምሳ በኋላ ሲገቡ ሰዓት ሠሪው ሻንጣዎቹን በሩ ሥር አስቀምጦ ነበር፤ በየመሀሉ የግድግዳውን ሰዓት፣ ከዚያ የእጁን ሰዓት፣ ከዚያ ኳሷን ያያል። ቀጮ የመጨረሻውን ሸሚዝ ጠረጴዛው ላይ ዘረጋች። ማነጠር ጀመሩ።

«ሳትስቂ ሳትለፈልፊ» አለች ተረኛ፤ በልቧ አሁን እተነፍሳለሁ እያለች። «ደክሞሽ ከሆነ ውደቂ ካልደከመሽ ግን ዝለቂ።»

ወጣ። አንደበቷ ራሱ ነድቶ አወጣው። በሚቀጥለው ዙር ከንፈሯን ነከሰች፤ ስንኙ በተነከሰው ከንፈር በኩል ሾልኮ ወጣ። በሌላው ዙር ከመጀመሪያው አየር እንዳትስብ ብላ ደረቷን ባዶ አደረገች፤ ሳንባዋ ከየት እንዳመጣው ሳይታወቅ ሁለቱንም ስንኝ ጨርሶ ትርፍ ተረፈው። ቀጮ በዓይኗ ጥግ እያየቻት አንዱን እጅጌ ተኩሳ ወደ ሌላው አለፈች። ባለቤቱ ባዶ ባልዲ ይዞ ቆሟል። ዛሬስ የሚደፋውም ሳሙና አልቆበታል።

«አውቶቡሱ …» አለ ሰዓት ሠሪው።

«ኳሴ ኳሴ ንጠሪ» አለች ተረኛ።

ያን ጊዜ አንድ ነገር አስተዋለች። እስከ ዛሬ ድረስ የምታየው ኳሷን ብቻ ነበር። መቼ ታመልጣት ይሆን እያለች ዓይኗን ከኳሷ ነቅላ አታውቅም። አሁን ኳሷን ትታ የቀጮን እጅ አየች። አራቱ ጣቶች አንድ ላይ ተጣብቀው እንደ ማንኪያ ጎብጠዋል፤ አውራ ጣቱ ብቻውን ወደ ጎን ቀርቷል። በሠርጓ ቀን ጓንቱን በግራ እጇ ብቻ ያጠለቀችው ለካ ይኼኛው አልዘረጋ ብሏት ነው። እጁ ወረደ፣ ወጣ፣ ወረደ። ሸሚዙ አልቆ ካውያው ተቀምጧል፤ እጁ ግን እሷ ተናግራ እስክትጨርስ ይሠራል።

«ከእግሬ በታች እለፊ፣ ሳትስቂ ሳትለፈልፊ፣» አለች፤ «ደክሞሽ ከሆነ ውደቂ።»

ተነፈሰች።

ትንፋሽ ናት፤ ትንሽ ናት። ግን በላውንደሪው ውስጥ እንዲህ ያለ ባዶ ቦታ ተሰምቶ አያውቅም። ኳሷ እላይ ደረሰች፤ ትንሽ የተቀመጠች መሰለች፤ ስትመለስ የቀጮ መዳፍ ከቦታው የለም፤ ጉንጯ ላይ ነው። ኳሷ ወለሉን መታች፣ እንደገና መታች፣ ዝቅ ዝቅ እያለች ተንጠልጥለው ከነበሩት ካፖርቶች ሥር ተንከባልላ ሄዳ የሰዓት ሠሪው ሻንጣ ጋ ስትደርስ ቆመች።

ጸጥ አለ። ሰዓት ሠሪው ሰዓቱን ጆሮው ላይ አደረገ። ዳቦ ጋጋሪው እጁ በሊጥ እንደተለቀለቀ መንገዱን ተሻግሮ መጣ። «ምን ሆናችሁ? ሰው ሞተ?»

«ሳትኩ» አለች ቀጮ። ጮክ ብላ ደገመችው፦ «ሳትኩ! ሰምታችኋል? ሳትኩ!» ደግሞ ቀኝ እጇን ወደ ፊቷ አምጥታ የሰው ዕቃ እንደሆነ ሁሉ አገላብጣ አየችው። የት እንደምታስቀምጠው አላወቀችም። ሰዓት ሠሪው ተቀበላት፤ ጣቶቿን አንድ በአንድ ቀስ አድርጎ እየዘረጋ በሁለት እጁ መሀል ያዘላት።

ተረኛ ሄዳ ኳሷን አነሳች። ካሰበችው በላይ ትከብዳለች። በአንድ በኩል ለብ ብላለች፤ የቀጮ ሙቀት ነው። ሰዎቹ ሁሉ ክብ ሠርተው ቆሙላት።

«ማን ያወርድልኛል?» አለች፤ ድንገት ትዝ ብሏት። ቀጣይ ካልተሰለፈ አውራጅ የለም፤ ቀጮም አንድ እግሯ በሩ ላይ ነው። ኳሷ በእጇ ገብታ ተራው በአየር ሊቀር ነው?

ባለቤቱ ባልዲውን ጣለ። «ከአንቺ ቀጥሎ … እኔ!»

ሁሉም ዞረው አዩት።

«ምን ታዩኛላችሁ?» አለ፤ ደረቱ ተንቋቋ። «ያ ሁሉ ሳሙና … በከንቱ የፈሰሰ መሰላችሁ? ልጅ ሆኜ … የሴት ጨዋታ ነው ብለው … አላሰለፉኝም።»

«ጋሼ!» አለች ቀጮ፤ ሳቋና እንባዋ ተቀላቀለባት። «ስንቴ ነው በሳሙናው የተገለበጥኩት?»

«ይቅር በዪኝ … ልጄ። አንቺም … አትስቺም።»

«እኔ ደግሞ ከእሱ ቀጥሎ!» አለ ዳቦ ጋጋሪው፣ በሊጥ እጁ ባለቤቱን እየጠቆመ።

ቀጮ መጥታ ተረኛን ጉንጭዋ ላይ ሳመቻት። «ለስለስ አድርጊያት» አለቻት በጆሮዋ። «ደግሞ ሲደክምሽ ውደቂ፤ እሺ?»

«እሺ። ሂጂ፣ አውቶቡሱ ያመልጣችኋል።»

ባልና ሚስቱ ሻንጣቸውን ይዘው ወጡ። ቀጮ ቀኝ እጇን ሰዓት ሠሪው ክንድ ላይ አሳርፋ በመንገዱ ዳር ሄደች፤ መንገዱ ጥግ ላይ ስትደርስ ያንኑ እጅ አንስታ አውለበለበች።

ተረኛ እጅጌዋን ሰበሰበች። ባለቤቱ አጠገቧ ቆሞ ጉሮሮውን ጠረገ፤ በዚያ ሻካራ ድምፁ አንዱን ስንኝ ሦስት ቦታ እየቆረጠ ማውረድ ጀመረ። ኳሴ … ኳሴ … ንጠሪ። ምት የሚባል ነገር የለውም። ተረኛ ግን ዕድሜዋን ሙሉ አውራጅ ሆና የኖረች ናት፤ ትንፋሹ ሲያጥር ኳሷን ዝቅ፣ ሲረዝም ከፍ አደረገችለት። ራሷን ነካች። ዞረች። እግሯን አነሳች፤ ጉልበቷ ጠቅ አለ፤ ኳሷ አለፈች።

«ደክሞሽ … ከሆነ … ውደቂ» አለ ባለቤቱ፤ ከዚያም ቆመ። ኳሷን እያየ፣ ዓይኑ በተስፋ እየበራ፣ በረጅሙ ተነፈሰ። ዳቦ ጋጋሪውም አብሮት ተነፈሰ።

ተረኛ መዳፏን ዘርግታ ጠበቀች። መጠበቅ ትችልበታለች። ደግሞም ምንም አልደከማትም ነበር።